የጨዋታ ሰርቨር በቤት ውስጥ፤ አመጣጡና ታሪኩ

መግቢያ

ሁለት ሰዎች ገበጣ ለመጫወት ሲፈልጉ ከሁሉ አስቀድሞ ገበጣ ማግኘት አለባቸው። ገበጣው ከእንጨት የተፈለፈለ ወይም በመሬት ላይ የተቈፈረ ቢሆን ልዩነት የለውም፤ ዋናው ነገር ጠጠሮቹ ያሉበትን ሁኔታ ሁለቱም አንድ ዓይነት አድርገው የሚያዩበት ቦታ መኖሩ ነው። በኮምፒዩተር የሚደረግ የጋራ ጨዋታም እንደዚሁ ነው። ተጫዋቾቹ በየቤታቸው፥ አንዳንድ ጊዜም በየአገሩ ተበትነው ስለሚቀመጡ፥ ጠጠሮቹ የት እንዳሉ የሚቈጥርና ለሁሉም የሚያስታውቅ አንድ መኪና ያስፈልጋል። ይህም መኪና ሰርቨር ይባላል፤ ፍችው አገልጋይ ማለት ነው።

በዚህ አጭር ጥናት ልንመረምር ያሰብነው ጥያቄ፥ ገበጣው በማን ቤት ይቀመጣል? የሚለው ነው። ጥያቄው ቀላል መስሎ ይታይ ይሆናል። ነገር ግን ገበጣውን የያዘው ሰው ማን እንደሚገባ፥ ጨዋታው በምን ሕግ እንደሚካሄድና መቼ እንደሚያበቃ የሚወስነው እርሱ ነው። ታሪኩን ስንከታተል ገበጣው አስቀድሞ በዩኒቨርሲቲዎች፥ ቀጥሎ በተጫዋቾች ቤት፥ ከዚያም በኩባንያዎች እጅ እንደ ነበረ፥ ዛሬም ከኩባንያዎቹ ለማስመለስ ክርክር እንዳለ እንረዳለን። እኛም ከጓደኞቻችን ጋር አንድ ሰርቨር በቤት ውስጥ አቁመን ስለ ነበር፥ ያጋጠመንን ከታሪኩ በኋላ እናቀርባለን። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።

ገበጣው በዩኒቨርሲቲ ሳለ

በ1962 በአሜሪካ በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም ስቲቭ ራስልና ጓደኞቹ «ስፔስዋር» የተባለውን ጨዋታ በፒዲፒ-1 ኮምፒዩተር ላይ ሠርተው ነበር። በዚህ ጨዋታ ሁለቱ ተጫዋቾች በአንድ መስታወት ፊት ጎን ለጎን ስለሚቆሙ፥ የሰርቨር ጥያቄ ገና አልተነሣም። ጥያቄው የተነሣው ሁለት ኮምፒዩተሮች በሽቦ በተያያዙ ጊዜ ነው። በ1973 በካሊፎርኒያ በሚገኘው የናሳ ኤምስ የምርምር ማእከል ስቲቭ ኮሊ፥ ሃዋርድ ፓልመርና ግሬግ ቶምፕሰን የተባሉ ወጣቶች «ሜዝ» የተባለውን ጨዋታ፥ ሁለት ኢምላክ ኮምፒዩተሮችን አገናኝተው ተጫወቱበት። ቶምፕሰን በ1974 ጨዋታውን ይዞ ወደ ማሳቹሴትስ ተቋም ሲሔድ፥ አንድ ትልቅ ፒዲፒ-10 ኮምፒዩተር በመካከል ሆኖ እስከ ስምንት ሰዎችን አንድ ላይ እንዲያጫውት ተደረገ። ስለዚህ በመካከል ቆሞ የሁሉንም ሁኔታ የሚቈጥር መኪና በጨዋታ ታሪክ ውስጥ ገና ከመጀመሪያው ይታያል ማለት ነው።

ከዚህ ቀጥሎ ከፍ ያለ ስፍራ የሚሰጠው «መድ» የተባለው ጨዋታ ነው። ይህን በ1978 በእንግሊዝ አገር በኤሴክስ ዩኒቨርሲቲ ሮይ ትሩብሾ ጀመረው፤ ሪቻርድ ባርትል ደግሞ ከ1980 ወዲህ አሳደገው። ሥዕል የሌለው፥ ሁሉ ነገር በጽሑፍ የሚነገርበት ዓለም ነበር፤ ተጫዋቹ «ወደ ሰሜን ሒድ» ብሎ ሲጽፍ ኮምፒዩተሩ የሰሜኑን ክፍል በቃላት ይገልጽለታል። ከዩኒቨርሲቲው ውጪ ያሉ ሰዎች በስልክ መስመር እንዲገቡ ሲፈቀድላቸው፥ የሚገቡት ኮምፒዩተሩ ለትምህርትና ለምርምር በማይፈለግበት በሌሊት ሰዓት ነበር። ከዚህ ጥቂት ነገር ብዙ ቁም ነገር መማር ይቻላል። ተጫዋቾቹ እንግዶች ነበሩ፤ የቤቱ ጌታ ሲተኛ ይገባሉ፥ ሲነሣ ይወጣሉ።

በ1987 አላን ኮክስ በዌልስ በአበሪስትዊዝ ዩኒቨርሲቲ «አበርመድ»ን ሠራ። ይህም በሲ ቋንቋ እንደ ገና ተጽፎ በዩኒክስ ኮምፒዩተሮች ላይ ሊሠራ ስለ ቻለ በብዙ ዩኒቨርሲቲዎች ተሰራጨ። በ1989 ደግሞ ጄምስ አስፕንስ በካርኔጊ ሜለን ዩኒቨርሲቲ «ታይኒመድ»ን አቆመ። የዚህኛው አዲስነት ተጫዋቾቹ ራሳቸው ክፍሎችንና ዕቃዎችን እየፈጠሩ ዓለሙን መገንባት መቻላቸው ነው። ነገር ግን የመጀመሪያው ታይኒመድ ዓመት ሳይሞላው በ1990 ተዘጋ። በሰው ቤት የሠሩት ቤት ምን ያህል እንደሚቆይ የሚወስነው ሠሪው እንዳልሆነ ተጫዋቾች የተረዱት ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ነው ብንል ከእውነት አንርቅም።

ገበጣው ወደ ቤት እንደ ገባ

በ1993 ዓመት በታኅሣሥ ወር «ዱም» የተባለው የኢድ ሶፍትዌር ጨዋታ ወጣ። ዱም በአንድ ኔትወርክ እስከ አራት ሰዎችን ያጫውታል፤ ሁለት ሰዎች ብቻ ከሆኑም በሞደምና በስልክ ሊገናኙ ይችላሉ። ዱም ሰርቨር አልነበረውም። እያንዳንዱ ኮምፒዩተር የተጫዋቹን እንቅስቃሴ ለሌሎቹ ይልካል፤ ሁሉም የሁሉን እስኪቀበል ድረስ ጨዋታው አይራመድም። ስለዚህ ከአራቱ አንዱ ዘገምተኛ ከሆነ አራቱም ይዘገያሉ። የመጀመሪያው እትም ደግሞ መልእክቱን በኔትወርኩ ላይ ላሉ ኮምፒዩተሮች ሁሉ ይበትነው ስለ ነበር፥ የመሥሪያ ቤትና የዩኒቨርሲቲ ኔትወርኮችን አጨናንቆ በአንዳንድ ቦታ እስከ መከልከል ደረሰ።

በዚያ ጊዜ የቤት ስልክ መስመር ቀርፋፋ ስለ ነበር ወጣቶች ሌላ ዘዴ አገኙ፤ ይኸውም ኮምፒዩተራቸውን ተሸክመው ወደ አንድ ሰው ቤት መሔድና በሽቦ ተያይዞ ማደር ነው። ይህም የላን ድግስ ተባለ። በስዊድን አገር በ1994 በማሉንግ ከተማ ድሪምሃክ፥ በአሜሪካ በቴክሳስ በ1996 ኩዌክኮን የተባሉት ስብሰባዎች የተጀመሩት ከዚህ ልማድ ነው። በእኛ አገር የጽዋ ማኅበር ከቤት ወደ ቤት በተራ እንደሚዞር፥ እነዚህም ወጣቶች ተራቸውን ጠብቀው ያስተናግዱ ነበር።

ሰኔ 1996 የወጣው «ኩዌክ» ግን ነገሩን ከሥሩ ለወጠው። በኩዌክ አንዱ ኮምፒዩተር ሰርቨር ይሆናል፤ ሌሎቹ ለእርሱ ብቻ ይናገራሉ፥ ከእርሱም ብቻ ይሰማሉ። አንድ ተጫዋች ቢዘገይ የሚጎዳው ራሱ እንጂ ሌሎቹ አይደሉም። ሰርቨሩም መስታወት የማያስፈልገው፥ በማእዘን ተቀምጦ የሚሠራ መኪና ሊሆን ቻለ። ችግሩ በሞደም የሚጫወት ሰው ወደ ፊት ሲል፥ መራመዱን የሚያየው መልእክቱ ወደ ሰርቨሩ ሔዶ ከተመለሰ በኋላ መሆኑ ነበር። በዚያው ዓመት በታኅሣሥ ጆን ካርማክ «ኩዌክወርልድ» በተባለው እትም መፍትሔ አቀረበ፤ የተጫዋቹ ኮምፒዩተር መልሱን ሳይጠብቅ ርምጃውን ራሱ ገምቶ ያሳየዋል፤ ሰርቨሩም ግምቱ የተሳሳተ እንደ ሆነ ያርመዋል። ዛሬም በሩቅ አገር ካሉ ጓደኞች ጋር መጫወት የተቻለው በዚሁ መሠረት ላይ በተገነቡ ዘዴዎች ነው።

በ1998 «ሃፍ ላይፍ»፥ በ1999 ደግሞ በእርሱ ላይ ተመሥርቶ ሚን ሊና ጄስ ክሊፍ የሠሩት «ካውንተር ስትራይክ» ሲወጡ፥ የሰርቨሩ ፕሮግራም ለማንም በነጻ ይሰጥ ነበር። ስለዚህ ኮምፒዩተርና የኢንተርኔት መስመር ያለው ወጣት ሁሉ ባለ ገበጣ ለመሆን ቻለ። ሕጉን ራሱ ያወጣል፥ ጠበኛውን ራሱ ያስወጣል።

የማይንክራፍት ዘመን

የቤት ሰርቨር ከጥቂት ዐዋቂዎች እጅ ወጥቶ የብዙ ልጆች ሥራ የሆነው በ«ማይንክራፍት» ነው። ይህን ጨዋታ ስዊድናዊው ማርኩስ ፔርሶን በግንቦት 2009 ለሕዝብ አቀረበው፤ የተሟላው እትም በኅዳር 2011 ወጣ። የሰርቨሩ ፕሮግራም በጃቫ ቋንቋ የተጻፈ አንድ ፋይል ሲሆን በነጻ ይወርዳል። በመደበኛ አሠራሩ 25565 በሚባል የፖርት ቍጥር ተጫዋቾችን ይቀበላል፤ በአንድ ሰከንድ 20 ጊዜ የዓለሙን ሁኔታ ያሰላል። ይኸውም ለእያንዳንዱ ስሌት 50 ሚሊ ሰከንድ ብቻ አለው ማለት ነው፤ መኪናው ከዚህ ቢዘገይ ተጫዋቾቹ ሁሉ መዘግየቱን ይረዱታል።

ማይንክራፍት ከኩዌክ የሚለይበት ዋና ነገር ግን ሌላ ነው። በኩዌክ አንድ ግጥሚያ ሲያልቅ ምንም አይቀርም። በማይንክራፍት ግን ተጫዋቹ የገነባው ቤት፥ የቈፈረው ጉድጓድና የተከለው ዛፍ በሰርቨሩ ዲስክ ላይ ተጽፎ ይኖራል። ስለዚህ ሰርቨሩን የያዘ ሰው የጓደኞቹን ሥራና ጊዜ በዐደራ ይዟል። በ2014 ማይክሮሶፍት የማይንክራፍትን ባለቤት ሞያንግን በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ገዛ፤ ኩባንያው በወር ክፍያ ሰርቨር የሚያከራይበት ሬልምስ የተባለ አገልግሎትም በዚያን ጊዜ ግድም ተጀመረ። የሆነ ሆኖ በቤት የሚቆመው ሰርቨር አልተከለከለም።

የአድራሻና የበር ጉዳይ

ጓደኛ ወደ ቤት እንዲመጣ አድራሻ ያስፈልገዋል። በኢንተርኔት ላይ የቈየው የአድራሻ ሥርዓት 4,294,967,296 አድራሻዎች ብቻ ነው ያሉት። ይህ ለዓለም ሕዝብ እንደማይበቃ ስለ ታወቀ፥ በ1994 አንድ አድራሻ ለብዙ ኮምፒዩተሮች የሚያገለግልበት የአድራሻ ትርጉም ዘዴ ታቀደ፤ በዚያው ዓመት ደግሞ እንደ 192.168 ያሉት ቍጥሮች ለቤት ውስጥ ብቻ ተመደቡ። ከዚህ የተነሣ ከቤት ወደ ውጭ መውጣት ቀላል ሲሆን ከውጭ ወደ ቤት መግባት አስቸጋሪ ሆነ። ሰርቨር ያቆመ ሰው «በዚህ ፖርት የሚመጣውን እንግዳ ወደዚያ ኮምፒዩተር ምራው» ብሎ ራውተሩን ማዘዝ አለበት።

በየካቲት 2011 ከዓለም አቀፉ ማከማቻ የመጨረሻዎቹ አድራሻዎች ታደሉ። በ2012 ደግሞ ከ100.64 እስከ 100.127 ያሉት ቍጥሮች፥ የኢንተርኔት ድርጅቶች ራሳቸው ብዙ ደንበኞችን በአንድ አድራሻ ሥር ለሚያኖሩበት ዘዴ ተለዩ። በዚህ ሥር ያለ ሰው የራሱን ራውተር ቢያዝም ዋጋ የለውም፤ የግቢው በር ቍልፍ በእርሱ እጅ አይደለምና።

በር መክፈት አደጋም አለው። በታኅሣሥ 2021 «ሎግ4ጄ» በተባለው የጃቫ ክፍል ውስጥ ብርቱ ጉድለት ተገኘ። ጉድለቱ አስቀድሞ ጎልቶ ከታየባቸው ቦታዎች አንዱ የማይንክራፍት ሰርቨር ነበር፤ አንድ ክፉ ሰው በወሬ መለዋወጫው ላይ አንዲት መስመር በመጻፍ ብቻ ሰርቨሩን ሊያዝ ይችል ነበር። እንዲሁም በ2016 «ሚራይ» የተባለውን የጥቃት ፕሮግራም የሠሩት ሦስት አሜሪካውያን ወጣቶች፥ ከዓላማቸው አንዱ የማይንክራፍት ሰርቨሮችን ማጥቃት እንደ ነበረ ከጉዳያቸው ምርመራ ታውቋል፤ በ2017 በፍርድ ቤት ጥፋታቸውን አምነዋል። እንግዲህ የጨዋታ በር ነው ብሎ መናቅ አይገባም።

ቍልፉ የማን ነው?

ኩባንያዎች ገበጣውን በራሳቸው እጅ ለማድረግ የፈለጉባቸው ምክንያቶች ነበሩ፤ የተሰረቀ ቅጂን መከልከል፥ አጭበርባሪን መቈጣጠርና ገቢን ማስፋት። በ2002 ብሊዛርድ የተባለው ኩባንያ፥ የእርሱን ባትልኔት ሰርቨር በሚመስል «ቢኔትዲ» በተባለ ነጻ ፕሮግራም ላይ ክስ አቀረበ፤ በ2005 የአሜሪካ የይግባኝ ፍርድ ቤት ለኩባንያው ፈረደለት። በ2009 ደግሞ «ሞደርን ዋርፌር 2» የተባለው ጨዋታ ተጫዋቾች በኮምፒዩተር የራሳቸውን ሰርቨር እንዳያቆሙ ሆኖ ስለ ወጣ ብርቱ ተቃውሞ አስነሣ።

ገበጣው በአንድ እጅ ብቻ ሲሆን የሚመጣው ውጤት የታየው ኩባንያዎች ሰርቨራቸውን መዝጋት ሲጀምሩ ነው። «ሲቲ ኦፍ ሂሮስ» በ2004 ተከፍቶ በኅዳር 2012 ተዘጋ። በ2019 ጥቂት ሰዎች በድብቅ ይዘውት እንደ ቈዩ ተገለጠ፤ በጥር 2024 ኩባንያው ከፈቃደኞቹ ማኅበሮች ለአንዱ ፈቃድ ሰጠ። «ዘ ክሩ» የተባለው የመኪና ጨዋታ ግን በመጋቢት 2024 መጨረሻ ሰርቨሩ ሲዘጋ፥ ገንዘብ ከፍሎ የገዛውም ሰው ብቻውን እንኳ ሊጫወትበት አልቻለም። ከዚህ የተነሣ ጨዋታ ሲዘጋ ለገዢዎች የሚቀርበት መንገድ እንዲኖር የሚጠይቅ ንቅናቄ ተቋቋመ፤ በ2025 በአውሮፓ ኅብረት ውስጥ ከ1 ሚሊዮን በላይ ፊርማ ሰበሰበ። በእኛ አስተያየት የዚህ ክርክር ፍሬ ነገር ጨዋታ አይደለም፤ ሰዎች በጋራ የሠሩት ነገር ከሠሪዎቹ ፈቃድ ውጪ ሊጠፋ ይገባዋል ወይስ አይገባውም የሚለው ነው።

የእኛ ሙከራ

እኛ አምስት የትምህርት ቤት ጓደኞች ነን፤ ሦስታችን በአዲስ አበባ፥ አንዱ በዱባይ፥ አንዷ በአሜሪካ በቨርጂኒያ እንኖራለን። ባለ 8 ጊጋባይት አሮጌ ላፕቶፕ ስለ ነበረን በአንዳችን ቤት ከቡፌው አጠገብ አስቀመጥነው፤ ለሰርቨሩም ግማሹን ሰጠነው። ስም ዝርዝሩ ውስጥ የሌለ ሰው እንዳይገባ አደረግን። ራውተሩን እንደ ታዘዝነው አዘዝነው፤ ነገር ግን ከውጭ ያሉት ሊገቡ አልቻሉም። ሁለት ሌሊት ከደከምን በኋላ የራውተሩ የውጭ አድራሻ በ100 እንደሚጀምር አየን፤ ከላይ የገለጽነውን ታሪክ ለመመርመር የተነሣነውም ከዚያ ወዲህ ነው። በመጨረሻ አምስታችንም በኮምፒዩተራችን ላይ የግል ኔትወርክ የሚፈጥር ፕሮግራም ስለ ጫን፥ ሁላችንም በአንድ ቤት እንዳለን ሆነን ተገናኘን።

ርቀቱን መሸነፍ ግን አይቻልም። ብርሃን በመስታወት ሽቦ ውስጥ በሰከንድ 200,000 ኪሎ ሜትር ያህል ይጓዛል። ከአዲስ አበባ እስከ ዱባይ 2,500 ኪሎ ሜትር ያህል ስለ ሆነ መልእክት ደርሶ ለመመለስ ቢያንስ 25 ሚሊ ሰከንድ፥ እስከ ዋሽንግተን አካባቢ 11,500 ኪሎ ሜትር ያህል ስለ ሆነ ቢያንስ 115 ሚሊ ሰከንድ ያስፈልገዋል። ሽቦው ቀጥ ብሎ ስለማይሔድ እኛ ያገኘነው ከ200 በላይ ነበር። ለውጊያ የማይመች ቢሆንም ለግንባታ ይበቃል።

የቨርጂኒያዋ ጓደኛችን ያደገችበትን ግቢ፥ ከበሩ ጀምሮ እስከ ጓሮው ጽድ ድረስ፥ ከትዝታዋ እያወጣች አራት ወር ገነባች። ያ ግቢ ፈርሶ በቦታው ፎቅ ከቆመ ቈይቷል። አንድ ቅዳሜ በአስተናጋጁ ቤት እንጀራ ሲጋገር፥ ከ3 ኪሎ ዋት በላይ የሚስበው ምጣድና የልብስ ካውያው አብረው ስለ በሩ ቆጣሪው ወደቀ። የላፕቶፑ ባትሪ ከሞተ ስለ ቈየ መኪናው በመጻፍ ላይ ሳለ ጠፋ፤ ሲነሣም ዓለሙ አልከፈት አለ። የቤቱ እመቤት «ልጆቼ፥ እኔ ያጠፋሁት ነገር አለ?» ብለው ሲጠይቁን የምንመልሰው ጠፍቶን ዝም አልን። ጥፋቱ የእኛ ነበር፤ ቅጂ አልያዝንምና።

ደግነቱ የዱባዩ ጓደኛችን ሌሊት ብቻውን ሊመለከተው ብሎ ከሦስት ሳምንት በፊት ዓለሙን በሙሉ ገልብጦ ወስዶ ነበር። ግቢው ተመለሰ፤ ጓሮውና ጽዱ ግን አልተመለሱም። ጅብ ከሔደ ውሻ ጮኸ እንዲሉ፥ ከዚያ ቀን ጀምሮ በየሌሊቱ ቅጂ እናወጣለን፤ አንዱ በዚያው ቤት፥ አንዱ በዱባይ፥ አንዱ በቨርጂኒያ ይቀመጣል። ዩፒኤስም ገዛን።

መደምደሚያ

ከታሪኩ የምናገኘው ትምህርት ሁለት ነው። አንደኛ፥ ገበጣው በዩኒቨርሲቲም ሆነ በኩባንያ ሲሆን ተጫዋቹ እንግዳ ነው፤ የተጫዋቾች ቤት ግን ባለቤት ያደርጋቸዋል። ሁለተኛ፥ ባለቤትነት ብቻውን አያድንም። ቤታችን የእኛ ስለ ሆነ መብራት አይጠፋም ማለት አይደለም፤ የእኛን ዓለም ያዳነው ሰርቨሩ ሳይሆን በሌላ አገር የነበረው ቅጂ ነው። የሲቲ ኦፍ ሂሮስም ታሪክ ይህንኑ ያስረዳል። ስለዚህ ከጓደኞቹ ጋር ሰርቨር ለማቆም የሚያስብ ሰው፥ አስቀድሞ ስለ ኮምፒዩተሩ ፍጥነት ከመጨነቅ ይልቅ ቅጂው በማን እጅ እንደሚቀመጥ እንዲወስን እንመክራለን።

ጓደኛችን የጓሮውን ጽድ በዚህ ወር እንደ ገና መትከል ጀምራለች። በጥናታችን ውስጥ ጉድለት ያገኘ አንባቢ ቢያርመን በደስታ እንቀበላለን።